የጥቁሩ ጅረት ውሃ

በሳንታ ቲርሳ ወባ ጠፋች ተብሎ አሳማ ታርዷል። ምርጡን ሥጋ የበላሁት እኔ ነኝ፤ ጠፋች ያልኩትም እኔ ነበርኩ። ሰባት ሳምንት ሙሉ የአርባ ሰው ጣት ወግቼ፣ ደማቸውን መስታወት ላይ ቀብቼ፣ አቅልሜ፣ በማይክሮስኮፕ አይቼ አንዲት የወባ ተውሳክ አላገኘሁም። ውጤቱን ማለዳ ማለዳ የሚያነበው ኤርሚሎ ነው። እሱ ቤት ጣሪያ ላይ የተሰቀለው ድምፅ ማጉያ የጠፋ ዶሮ ያፈላልጋል፣ ጀልባ መምጣቷን ይናገራል፣ ባልና ሚስት ያስታርቃል፤ የማንንም ምስጢር ግን አይጠብቅም። ኤርሚሎ ስም እየጠራ «ነፃ! ነፃ! ነፃ!» ሲል ሰዉ በየቤቱ ያጨበጭብ ነበር። በመጨረሻ «ዶርሊታችን ወባን ከወንዙ ማዶ አባረረቻት!» አለና አሳማው ታረደ። እኔም «ኧረ ምን አደረግሁና!» እያልኩ ተሽኮረመምኩ። አሁን ሳስታውሰው ያ ሥጋ ጉሮሮዬ ላይ ይመጣብኛል።

ከግብዣው በኋላ ብዙ ሳይቆይ እህቴ ሚልባ መንቀጥቀጥ ጀመረች። የስድስት ወር ነፍሰ ጡር ናት። ከሁለት ዓመት በፊት የመጀመሪያ ጽንሷ በወባ ምክንያት ወጥቶባታል፤ ስለዚህ ትኩሳት ሲነሳባት ቤታችን ውስጥ ማንም ደፍሮ አያወራም። ሁለት ጊዜ ደሟን አየሁ፤ ሁለቱንም ጊዜ ነፃ ነበር። ክኒኑ ያለው እኔ ዘንድ፣ በጤና ኬላው የተቆለፈ ሳጥን ውስጥ ነው። መስታወቱ ተውሳክ ካላሳየ ሳጥኑ አይከፈትም። ሕጉ እንደዚያ ነው፤ ሕግ በማክበር ደግሞ የሚስተካከለኝ የለም።

በሦስተኛው ትኩሳት ጤና ኬላው አግዳሚ ላይ ተጋድማ፣ ጥርሷ እየተንገጫገጨ ትነዘንዘኝ ጀመር።

«እሺ ወባ ካልሆነ ምንድነው? ፍቅር ነው?»

«የእርግዝና ይሆናል።»

«እርግዝና ቀን እየዘለለ፣ ልክ ዘጠኝ ሰዓት ላይ ይመጣል? ምነው፣ መሥሪያ ቤት ተቀጠረ እንዴ?»

«ሚልባ፣ መስታወቱ ነፃ ነው እያለ እኔ ምን ላድርግ?»

«በቃ መስታወትሽን አግቢው!» አለችና ሳቀች። ከዚያ ሳቋ ጠፋ። «ስሚ፣ ይሄኛውም እንደ ፊተኛው ከሄደብኝ ዳግመኛ ዓይንሽን አላይም። የምሬን ነው።»

የምሯን እንደሆነ አውቃለሁ። የዚያን ዕለት ያቀለምኩትን ደሟን እንደገና ማይክሮስኮፑ ሥር አደረግሁት። ምንም የለም። ተናድጄ ልነሳ ስል ዓይኔ የድሮ መስታወቶች ያሉበት ሳጥን ላይ አረፈ። ሥራ የጀመርኩ ሰሞን ያገኘኋት፣ በወባ የታጨቀች አንዲት መስታወት ለማስታወሻ አስቀምጬ ነበር። እሷን አውጥቼ አየሁ፤ መልሼ የሚልባን አየሁ። ለመጀመሪያ ጊዜ ተውሳኩን መፈለግ ትቼ ቀለሙን ተመለከትኩ።

የድሮዋ መስታወት መደቧ ግራጫ ነው፤ የነጭ የደም ሴሎቹ እምብርት ደግሞ ድምቅ ያለ ሐምራዊ። የሚልባ ግን ሁሉ ነገሩ ሮዝ ነው። ነጭ ሴሎቹ እንደታጠበ ጨርቅ ወይበዋል። ወባ እንኳ ከመንደራችን ብትሄድ፣ ነጭ የደም ሴልን ምን ነካው? እሱ የማንም ሰው ደም ውስጥ አለ፤ መቅለም ነበረበት። የሰባት ሳምንቱን መስታወት ሁሉ አንድ በአንድ አየሁ። አርባውም ሮዝ።

ታዲያ ምን አጥፍቼ ይሆን? ማቅለሚያውን፣ ጊምሳ የምንለውን፣ የሠራሁት ራሴ ነኝ፤ እንደ ተማርኩትም ነው የሠራሁት። ጓንት አጥልቄ፣ መስኮት ከፍቼ፣ በአካባቢው እሳት አለመኖሩን አይቼ፣ ዱቄቱን መዝኜ ጥቁር ጠርሙስ ውስጥ ከመስታወት ጠጠሮች ጋር ጨመርኩ፤ ሜታኖልና ግሊሰሪን አፈሰስኩበት፤ ዐሥር ቀን ሙሉ እየናጥኩ ከረምኩ። ጠርሙሱ ላይ ቀኑን ጽፌ የራስ ቅል ሥዬበታለሁ። የሜታኖሉ ጠርሙስ ላይማ ሁለት የራስ ቅል ነው ያለው። እዚህ አገር ጥርት ያለ ፈሳሽ ጠርሙስ ውስጥ የታየ እንደሆነ የሸንኮራ አረቄ ነው ብሎ የማይቀምስ ወንድ የለም።

ቀምሶ ጉድ የሆነም አለ። ከኔ በፊት ሠላሳ አንድ ዓመት እዚህ ወንበር ላይ የተቀመጡት ዶን ሜሊቶን ከሦስት ዓመት በፊት የጤና ኬላውን ሜታኖል ጠጥተው ዓይናቸው ጠፍቷል። መንደሩ ሁሉ ያውቃል። አረቄ አረቄ እየሸተቱ፣ እየዘፈኑ ጀልባ ላይ ሲጫኑ በዓይኔ በብረቱ አይቻለሁ። እሳቸውን ስተካ ያደረግሁት የመጀመሪያ ሥራ ዕቃቸውን መጥረግ ነበር። አንድ ማሰሮ ሙሉ ነጭ ዱቄት ነበራቸው፤ ላዩ ላይ ምንም አልተጻፈበትም። ስሙ ያልተጻፈበት ነገር እንደ መርዝ ይቆጠራል ተብለን ተምረናል። አርቄ ቀበርኩት።

ከሦስት ሳምንት በፊት ደግሞ ራሳቸው እየተንቀጠቀጡ፣ በትር ይዘው መጡ። ደማቸውን አየሁና፣ ተራ የሚጠብቀው ሰው እየሰማ፣ «ዶን ሜሊቶን፣ ይሄ የትናንቱ አረቄ ነው። ሄደው ይተኙ፣ ይለቅዎታል» አልኳቸው። ሰዉ በሳቅ ፈረሰ። እሳቸውም አብረው ስቀው ሄዱ።

አሁን ከእሳቸው በቀር የምጠይቀው ሰው የለም። ሬዲዮው ከተበላሸ ወር አልፎታል፤ ጀልባ የምትመጣው ከዐሥራ አንድ ቀን በኋላ ነው። የጊምሳውን ጠርሙስ በጥንቃቄ ጠቅልዬ ወደ ቤታቸው ሄድኩ።

በረንዳቸው ላይ ተቀምጠው የዓሣ መረብ በዳሰሳ ይጠግናሉ። በዚያ ሙቀት ብርድ ልብስ ተከናንበዋል።

«ማነው? ደረጃዬን እንደ ባላንጣ የሚረግጠው?»

«ዶርሊት ነኝ።»

«ኦ! ወባን ያባረርሽው? ግቢ፣ ግቢ። ከአሳማው ለኔም ደርሶኛል፤ ጆሮውን።»

ቀልዱን ዋጥ አድርጌ የመጣሁበትን ነገርኳቸው። ሚልባን፣ ትኩሳቷን፣ መስታወቱን። ማቅለሚያው ዱቄቱ አርጅቶ ይሆናል፣ ማይክሮስኮፑ ሻግቶ ይሆናል እያልኩ ስዘበዝብ እጃቸውን አነሱ።

«ያሰብሽውን ተይውና ያየሽውን ንገሪኝ። ጠርሙሱን ይዘሻል?»

ሰጠኋቸው። ክዳኑን በጣታቸው ዙሪያውን ዳሰሱት፤ ከዚያ ጠርሙሱን ጆሯቸው ሥር አድርገው ቀስ ብለው ናጡት። ጠጠሮቹ ውስጥ ለውስጥ ተንከባለሉ። ጭንቅላታቸውን ዘንበል አድርገው ለረጅም ጊዜ አዳመጡ።

«ወፍራም ነው፤ ግሊሰሪኑ አልጎደለም። ውሃ የነካው ጠብታ መምጠጫ ከተሽበታል?»

«በሕይወቴ!»

«ክዳኑስ?»

«ሁሌም ጥርቅም ነው።»

«ማቅለሚያሽ ደህና ነው። ጎበዝ፣ እኔ ራሴ እንዲህ አልሠራም ነበር። መስታወቱ ምን መስሏል?»

«ሮዝ።»

«ምን ዓይነት ሮዝ? ሮዝ ብዙ ነው።»

እንዲህ ተብዬ ተጠይቄ አላውቅም። ዓይኔን ጨፍኜ አሰብኩ። «የወንዙ ዶልፊን ሆድ።»

መረቡን አስቀመጡት። «ጊምሳውን በምን ውሃ ነው የምታቀጥኚው?»

ደሜ ፈላ። «በንጹህ ውሃ ነዋ!»

«እሱማ። ከየት የተቀዳ?»

«ከጥቁሩ ጅረት። አፍልቼ፣ አጥልዬ።»

በመንደራችን ማንንም ጠይቁ፤ ከጥቁሩ ጅረት የበለጠ ንጹህ ውሃ የለም ይላችኋል። ትልቁ ወንዝ ጭቃ ነው። ጅረቱ ግን ከጫካው ውስጥ እንደ ሻይ ጠቁሮ፣ ግን ኩልል ብሎ ይወርዳል፤ የምንጠጣው እሱን፣ የተወለደ ልጅ የምናጥበው በእሱ ነው። ለማቅለሚያ የሚሆነው ውሃ ድሮ ከኢኪቶስ ከተማ ተዘጋጅቶ በጠርሙስ ይመጣልኝ ነበር። ካለቀ ሰባት ሳምንት ሆነው። ከዚያ ወዲህ ለሥራዬ የመንደሬን ምርጥ ውሃ ሰጠሁ። ሌላ አገር ያደገች ሴት ብትሆን ይህን ስህተት አትሠራም፤ እንደዚህ አድርጋ አትወደውማ።

ዶን ሜሊቶን ቀስ ብለው ጠየቁኝ። «ልጅ ሆነሽ ቀንድ አውጣ ለቅመሻል?»

«ማን ያልለቀመ አለ?»

«ከየት?»

«ከትልቁ ወንዝ።»

«ለምን ከጅረቱ አልለቀምሽም?»

«እዚያማ… የለም። አንዳንዴ ይኖራል፤ ግን ቅርፊቱ ሲነኩት ይፈረፈራል።»

«ለምን ይፈረፈራል?»

ያን ቅርፊት በጣቴ እያፈረፈርኩ ነው ያደግሁት፤ አንድ ቀን ግን ለምን ብዬ አላውቅም። አፈርኩ፤ እንደዚያም ሆኖ መልሱን ለመስማት ቸኮልኩ።

«የበሰበሰ ቅጠል ነው ጅረቱን የሚያጠቁረው» አሉ። «ኮምጣጣ ነው። ምላስሽ አያውቀውም፤ ቅርፊቱ ግን ያውቀዋል። ጊምሳም እንደዚያው፤ ውሃው ከኮመጠጠ ሰማያዊው አይዝለትም፣ ሁሉን ሮዝ አድርጎ ያልፋል። ወባዋ እዚያው ቁጭ ብላለች፤ ቀለም ሳትለብስ። ግን ነጯን ዱቄት ለምን አልጨመርሽበትም? ውሃውን የምታስተካክል ዱቄት እኮ ለክፉ ቀን ብዬ ማሰሮ ሙሉ ትቼልሽ ነበር።»

«ጣልኩት። ስሙ አልተጻፈበትም ነበር።»

ይቆጣሉ ብዬ ስጠብቅ ራሳቸውን ነቀነቁ። «ልክ ነሽ። መጻፍ ስችል ሰነፍኩ፤ ልጻፍ ስል ዓይን የለኝም። ጥፋቱን እኩል እንካፈለው።» በትራቸውን አነሱ። «ነይ፣ ትከሻሽን ስጪኝ። ዱቄቷ ወደዚህ አገር ከመምጣቷ በፊት እንዴት እንደምናደርግ ላሳይሽ።»

ጤና ኬላው ጣሪያ ሥር ካለው በርሜል የዝናብ ውሃ ቀዳሁ። ዶን ሜሊቶን ባዘዙኝ መሠረት በአራት ብርጭቆ ከፋፈልኩት። አንደኛው ባዶውን ቀረ። በሌሎቹ ሚልባ ለዳቦ የምትጠቀምበትን ሶዳ በክብሪት ጫፍ እያነሳሁ፣ አንድ ጊዜ፣ ሁለት ጊዜ፣ ሦስት ጊዜ ጨመርኩ። እያንዳንዱ ብርጭቆ ላይ ቁጥሩን ጻፍኩ። «ጮክ ብለሽ እያነበብሽ ጻፊ፤ እኔም ልስማው» አሉኝ። ከሚልባ ጣት አራት መስታወት ቀባሁ፤ በእያንዳንዱ ላይ አንድ ወፍራም ነጠብጣብ፣ አጠገቡ ስስ ቅብ።

ስስ ቅቡ መስታወቱ ላይ እንዲጣበቅ ሜታኖል ሊነካው ይገባል። ጓንት አጠለቅሁ፣ መስኮቱን በረገድኩ፣ ክዳኑን ከፈትኩ። ሽታው ሲደርሳቸው ዶን ሜሊቶን ግድግዳውን እየዳበሱ እስከ በሩ ወደኋላ ሄዱ።

አፌ አያርፍም። «ምነው? ድሮ ይወዱት አልነበር እንዴ!»

«ዶርሊት!» አለች ሚልባ ከአግዳሚው።

ጠርሙሱን ከድኜ፣ ጊምሳውን በአራቱ ውሃ አቅጥኜ መስታወቶቹ ላይ አፈሰስኩ። ዐሥር ደቂቃ መጠበቅ ነው። ዝናብ ቆርቆሮው ላይ መውረድ ጀመረ።

«ቀምሼው አላውቅም ነበር» አሉ ዶን ሜሊቶን ከበሩ። «በመስታወት ቱቦ እየመጠጥን ነው የምንለካው። ጫፉ ላይ የጎማ ፊኛ አለችው፤ እሷ ናት የምትመጥጠው። ወደዚህ የመጣውን ተማሪ ሁሉ ‹በአፋችሁ እንዳትሞክሩ› እያልኩ ስጮህ የኖርኩት እኔ ነኝ። ያን ቀን ፊኛዋ ጠፋችብኝ። አንድ ጊዜ ምን አለበት ብዬ በአፌ መጠጥኩ። ኤርሚሎ በመስኮት የሆነ ቀልድ ወረወረ። ሳቅሁ። ዋጥሁት።»

ሚልባ ቀና አለች።

«ግን አረቄ ይሸቱ ነበር» አልኩ። «ይዘፍኑ ነበር። አይቻለሁ።»

«በሬዲዮ ሐኪም ጠራሁ። ‹አረቄ አለህ?› አለኝ። አለ አልኩት። ‹ሆስፒታል እስክትደርስ ጠጣ፤ ሰውነትህ በአረቄው ሲጠመድ መርዙን ይረሳዋል› አለኝ። አንድ ቀን ተኩል በሐኪም ትእዛዝ ሰከርኩ። ነፍሴን አተረፈልኝ፤ ዓይኔ ላይ ግን አልደረሰም።»

«ታዲያ ለምን አልተናገሩም?»

«እዚህ መንደር ሰካራምን በማግሥቱ ይቅር ይሉታል። ሞኙን ግን ሲስቁበት ይኖራሉ። ሠላሳ ዓመት ‹በአፋችሁ አትምጠጡ› ያለ ሰውዬ በአፉ መጥጦ ዓይኑ ጠፋ ከሚሉኝ፣ ሰካራም ቢሉኝ መረጥኩ። ትንፍሽ እንዳትዪ።»

ያ ሁሉ ሰው በተሰበሰበበት ያልኳቸው ትዝ አለኝ።

ሰዓቱ ጮኸ። መስታወቶቹን በየብርጭቋቸው ውሃ አለቅልቄ፣ አድርቄ ቁጭ አልኩ።

«አንደኛው?» አሉ ከበሩ።

«ሮዝ።»

«የዶልፊን?»

«ከዶልፊኑ ፈዘዝ ይላል። ሁለተኛው… አሁንም ሮዝነት አለው፤ ዳር ዳሩ ግን ግራጫ እየሆነ ነው።»

«ቀጥዪ።»

ሦስተኛውን አስገባሁ። መደቡ ግራጫ ነው። አንድ ነጭ የደም ሴል ዓይኔ ሥር ገባ፤ እምብርቱ ጥቁር ሐምራዊ።

«ሐምራዊ፣ እንደ ምን?»

«እንደ ደበርጃን! ዶን ሜሊቶን፣ እንደ ደበርጃን ልጣጭ!»

«በይ አሁን ፈልጊያት።»

መፈለግ እንኳ አላስፈለገም። ሰማያዊ ቀለበት፣ ቀለበቱ ላይ ቀይ ነጥብ። አጠገቡ ሌላ። ከፍ ሲል ሦስት። ሰባት ሳምንት ሙሉ እዚሁ ሆነው፣ እኔ በላያቸው አሳማ ስበላ ነበር። አራተኛውን አየሁት፤ ከልክ በላይ ሰማያዊ ሆኖ ነበር፤ ሦስተኛውን ብርጭቆ ብለን ወሰንን።

«ምን አገኘሽ? ተናገሪ እንጂ ገደልሽኝ እኮ!» አለች ሚልባ።

ሳጥኑን ከፍቼ ለነፍሰ ጡር የሚሆነውን ክኒን ቆጥሬ እጇ ላይ አደረግሁት። ዋጠችው። ከዚያ እጄን ይዛ ሆዷ ላይ አስቀመጠችው፤ ልጁ ከውስጥ በክርኑ ገፋኝ። አለቀስኩ፤ እሷም «መስታወትሽን ፈታሽው ማለት ነው?» እያለች አለቀሰች።

ዞር ስል ዶን ሜሊቶን ብርድ ልብሳቸውን አጥብቀው ይዘው ይንቀጠቀጣሉ።

«እርስዎም እኮ…»

«እኔማ የትናንቱ ነው፤ አንቺው ነሽ ያልሽኝ።»

«አሁኑኑ ጣትዎን ይስጡኝ።»

«አልሰጥም። በሰው ፊት ነው የመለስሽኝ፤ በሰው ፊት ትጠሪኛለሽ። በጓዳ አልታከምም።» ብለው በትራቸውን እያንኳኩ ወጡ። ብለምናቸው፣ ብቆጣቸው አልሰሙኝም።

በማግሥቱ ገና ሲነጋ ኤርሚሎ ቤት ነበርኩ። የልቤን ስነግረው ማይክራፎኑን በሁለት እጁ ያዘው።

«ኧረ ዶርሊት፣ አሳማው ታርዶ! ሰው ምን ይለናል?»

«አምጣው።»

ነጠቅሁት። ድምፄ በመንደሩ ላይ ሲጮህ ለራሴም አስደነገጠኝ። «ዶርሊት ነኝ። ወባ አልጠፋችም። ሰባት ሳምንት ነፃ ናችሁ ያልኳችሁ በሙሉ፣ ማቅለሚያውን በጥቁሩ ጅረት ውሃ አበላሽቼው ነው። ጥፋቱ የኔ ነው። ስማችሁን የምጠራው ሁሉ ኑና ጣታችሁን እንደገና ስጡኝ። የመጀመሪያው…» ማይክራፎኑን ወደ አፌ አስጠጋሁ። «የመጀመሪያው ዶን ሜሊቶን ናቸው። እየተንቀጠቀጡ መጥተው የትናንቱ ነው ብዬ የመለስኳቸው። አልሰከሩም ነበር።»

ከዚህ በላይ አልተነፈስኩም፤ የዓይናቸውን ምስጢር ጠብቄያለሁ። ሌሎቹን ስሞች እያነበብኩ ሳለሁ በትር ደረጃው ላይ ተንኳኳ። ሰዉ ከኋላቸው ተከትሏል። ዶን ሜሊቶን ድምፄን ተከትለው መጡና እጃቸውን ዘረጉ፤ ማይክራፎኑን ሰጠኋቸው።

«ሜሊቶን ነኝ» አሉ። ድምፅ ማጉያው ቃላቸውን እስከ ወንዙ አደረሰው። «እሷ ሞኝነቷን ከተናገረች እኔም ልናገር። ሜታኖሉን ሰክሬ አልጠጣሁትም። በአፌ ስመጥጥ ነው የዋጥኩት፤ ሠላሳ ዓመት አታድርጉ ያልኩትን። አረቄው መድኃኒቴ ነበር። በሉ አሁን እንደ ልባችሁ ሳቁ።»

ማንም አልሳቀም። ኤርሚሎ እጁን አፉ ላይ አድርጎ መሬት መሬት ያያል።

ጤና ኬላው በሰው ተሞላ። የዶን ሜሊቶንን ጣት በሁሉም ፊት ወጋሁ፣ ቀባሁ፣ በሦስተኛው ብርጭቆ ልክ አቅልሜ ጠበቅሁ። እሳቸው አጠገቤ ተቀምጠው የጊምሳውን ጠርሙስ ጆሯቸው ሥር ይንጣሉ። ማይክሮስኮፑ ላይ ሳጎነብስ መናጡን ተዉት።

«ምን ይታይሻል?»

«ሰማያዊ ቀለበት። ቀይ ነጥብ። ብዙ ናቸው፣ ዶን ሜሊቶን። በጣም ብዙ።»

«መደቡስ?»

«ግራጫ።»

ረክተው ወደ ሰዉ ዞሩ። «ሰማችሁ?» አሉ። «የትናንቱ አይደለም።»